ታደሰ ብሩን ለሁለት አትቁረጡብን

ጄኔራል ታደሰ ብሩ በታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. እነመንግሥቱ ንዋይ በንጉሠ ነገሥቱ ላይ ሲነሡ፣ ከዙፋኑ ጎን ቆመው መፈንቅለ መንግሥቱን ካከሸፉት መኮንኖች አንዱ ናቸው። ዛሬ ስማቸውን በየመድረኩ የሚጠሩ ሰዎች ይህን ስነግራቸው ፊታቸው ይጠቁራል። ስድስት ዓመት እንኳ ሳይሞላ እኚሁ መኮንን የዚያው ዙፋን እስረኛ ሆኑ። ለምን ታሰሩ ብዬ ስጠይቅ ደግሞ «ዘረኛ» የሚሏቸው ወገኖች ጆሯቸውን ይደፍናሉ። እኔን የሚያንገበግበኝ የሁለቱም ውሸት ነው።

ቡራዩ ነው የምኖረው። ከአሸዋ ሜዳ በተሳፈርኩበት ታክሲ ውስጥ ሁለት ጎልማሶች በእሳቸው ጉዳይ ሲወራረፉ ሰማሁ፤ አንዱ ሲረግም፣ ሌላው ከእናታቸው ማኅፀን ታጋይ ሆነው እንደወጡ አድርጎ ሲያወራ፣ ረዳቱ «ሒሳብ!» እስኪላቸው ድረስ። ደሜ ፈላ። ከዚያ መንገድ ሳንርቅ ኮልፌ አለ። በ1954 ዓ.ም. ኔልሰን ማንዴላ የውትድርና ትምህርት የተማሩት እዚያ ነው፤ ካስተማሯቸውም አንዱ ታደሰ ብሩ ነበሩ። ማንዴላ ሲሰናበቱም ታደሰ ሽጉጥና 200 ጥይት ሰጥተዋቸዋል፤ ማንዴላ ራሳቸው ጽፈውታል። እንዲህ ያለ ታሪክ በደጃችን አልፎ እኛ በግማሽ ሰው እንነታረካለን!

የተወለዱት ሰላሌ ነው፤ ከአዲስ አበባ በሱሉልታ አልፎ የሚደረስበት አገር። አዲስ አበባን የከበበው መሬት የቱለማ ኦሮሞ መሬት ነው። ገበሬው ለከተማው ጤፍ፣ ወተትና ማገዶ እያቀረበ ልጁ ፊደል ሳይቆጥር ያድግ ነበር። በ1955 ዓ.ም. በኮሎኔል ዓለሙ ቂጤሳ መሪነት የተቋቋመው የሜጫና ቱለማ መረዳጃ ማኅበር ያነሣው ጥያቄ ይኸው ነው፦ ከኪሳችን አዋጥተን ትምህርት ቤት፣ ክሊኒክና መንገድ እንሥራ። በዚህ ውስጥ ወንጀሉ ምኑ ላይ ነው? ታደሰ ብሩ በፊደል ሠራዊት ዘመቻ መሃይምነትን የታገሉ ሰው ነበሩ። ማኅበሩን ሲቀላቀሉ ሕዝቡ ተከተላቸው፤ አርሲ ኢተያ ላይ ለማኅበሩ ስብሰባ ሕዝብ እንደ ጎርፍ ወጣ። መንግሥትም ደነገጠ። በ1959 ዓ.ም. ታሰሩ፤ ሞት ተፈርዶባቸው ወደ ዕድሜ ልክ ተለወጠ፤ ማኅበሩ ተዘጋ፤ የማኅበሩ ባልደረባ መቶ አለቃ ማሞ መዘምር ተሰቀሉ። ጄኔራሉን ወደ ገለምሶ በግዞት ላኳቸው።

አብዮቱ ፈታቸው፤ አብዮቱም ገደላቸው። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት አዋጅ ታወጀ፤ ጭሰኛው ነፃ ወጣ ተብሎ እልል በተባለ በሳምንታት ውስጥ፣ በመጋቢት፣ ከኮሎኔል ኃይሉ ረጋሳ ጋር በጥይት ተደበደቡ። ንጉሡ ያሰሯቸውን ሰው የንጉሡ ጠላት ነኝ ያለው ደርግ ረሸነ። ማኅበሩም ዳግም ተቋቁሞ፣ የኦሮሚያ ርእሰ ከተማ ወደ አዳማ መዛወሩን በተቃወመ ማግስት፣ በ1996 ዓ.ም. እንደገና ታሸገ። ሦስት መንግሥት መጣ፤ ሦስቱም ያንኑ ጥያቄ ፈሩ።

ጥያቄው ደግሞ ዛሬም አልተመለሰም። የገፈርሳ ግድብ ከአፍንጫችን ሥር ሆኖ አዲስ አበባን ያጠጣል፤ እኛ ሰፈር ቧንቧው ሲደርቅ እናቶች ቢጫ ጀሪካን በገመድ አስረው ሌሊት ይሰለፋሉ። ሱሉልታ የታሸገ ውኃ ለአገር ይልካል። ሰበታ የአበባ እርሻና ፋብሪካ ተተከለባት፤ መሬቱን የለቀቀው ገበሬ ልጅ በዚያው አጥር ጥበቃ ሆኖ ተቀጠረ። አሁን ቡራዩም ሱሉልታም ሰበታም በሸገር ከተማ ሥር ተጠቃለዋል። ስሙ ተለወጠ፤ የጀሪካኑ ሰልፍ ግን ያው ነው።

ሹማምንት ሆይ፣ የጄኔራሉን ስም በመድረክ ከመጥራታችሁ በፊት ማኅበራቸው የጠየቀውን ሥሩልን። መምህራን ሆይ፣ ታኅሣሥ 1953ንም ኢተያንም ሳትደብቁ ለልጆቻችን አስተምሩ። ኮልፌ ላይ የማንዴላ ታሪክ በተተረከ ቁጥርም የአስተማሪያቸው አሟሟት አብሮ ይነገር፤ ማን እንዳሰራቸው፣ ማን እንደረሸናቸው፣ በስም።