«ያንቀጠቅጠዋል» በምን ስም ይመዘገባል? ክትባትን ተከትሎ የሚመጣ ሕመም ከቦኬ እስከ ስዊድን

በምዕራብ ሐረርጌ ዞን በቦኬ ወረዳ የምትኖር አንዲት እናት የዘጠኝ ወር ልጇን የኩፍኝ ክትባት አስከትባ ወደ ቤቷ ተመለሰች እንበል። ከሳምንት በኋላ ሕፃኑን ያተኩሰዋል፤ ሌሊት ደግሞ ሰውነቱ ይንቀጠቀጣል። በማግስቱ ጤና ኬላ ደርሳ በአፋን ኦሮሞ የምትናገረው ቃል ወደ አማርኛ ሲመለስ «ከተከተበ ወዲህ ያንቀጠቅጠዋል» የሚል ይሆናል። የጤና ኤክስቴንሽን ባለሙያዋ ይህን ቃል በቅጹ ላይ እንዴት እንደምታሰፍረው የሚወስነው የአንድን ሕፃን ታሪክ ብቻ አይደለም። አገሪቱ ስለ ክትባት ደኅንነት የምታውቀው ነገር የሚጀምረው ከዚህ ቃል ነው።

«መንቀጥቀጥ» ሁለት ፍቺ አለው። አንደኛው ብርድ ብርድ ብሎት መንዘፍዘፉ ነው፤ ይህ ከትኩሳት ጋር የሚመጣና ብዙ የማያሳስብ ነው። ሁለተኛው ራሱን ስቶ፣ ዓይኑ ተገልብጦ፣ እጅና እግሩ መንፈራገጡ ነው። ይህ የነርቭ ሥርዓት ምልክት በመሆኑ አፋጣኝ ሕክምናና ሪፖርት ይሻል። ከኩፍኝ ክትባት በኋላ ባሉት ከ6 እስከ 12 ቀናት ከ3 ሺህ ልጆች በአንዱ ገደማ ትኩሳት ያስከተለው መንፈራገጥ ሊታይ እንደሚችል ይታወቃል፤ አብዛኛውን ጊዜም ዘላቂ ጉዳት ሳያደርስ ያልፋል። ሆኖም በቅጹ ላይ «ትኩሳት» ተብሎ ብቻ ከተጻፈ፣ መንፈራገጡ ከመዝገቡ ይጠፋል።

ሪፖርቱ የሚጓዝበት መንገድ ረጅም ነው። ከጤና ኬላና ከጤና ጣቢያ ተነሥቶ በወረዳና በዞን ጤና መዋቅር በኩል አዲስ አበባ ወደሚገኘው የኢትዮጵያ ምግብና መድኃኒት ባለሥልጣን ይደርሳል። ኢትዮጵያ እ.ኤ.አ. ከ2008 ጀምሮ የዓለም ጤና ድርጅት የመድኃኒት ደኅንነት ክትትል መርሐ ግብር አባል በመሆኗ፣ መረጃው ከዚያ አልፎ በስዊድን ኡፕሳላ ከተማ ወደሚገኘው ማዕከል ይላካል። በዚያ የተከማቹት ከመላው ዓለም የተላኩ ሪፖርቶች ከ30 ሚሊዮን በላይ ናቸው።

ይህን ያህል ሪፖርት በየአገሩ ቋንቋና በየሐኪሙ አገላለጽ ቢቀመጥ ማንም ሊቆጥረው ወይም ሊያነጻጽረው አይችልም። ስለዚህ እያንዳንዱ ምልክት «ሜድራ» በተሰኘው ዓለም አቀፍ የሕክምና ቃላት መዝገብ መሠረት መለያ ቁጥር ይሰጠዋል። መዝገቡ በዝርዝሩ ከ80 ሺህ በላይ ስያሜዎችን የያዘ ሲሆን፣ እነዚህ ደረጃ በደረጃ ተሰብስበው በመጨረሻ በ27 ዐበይት ክፍሎች ይጠቃለላሉ። ብርድ ብርድ ማለት በአጠቃላይ ምልክቶች ክፍል፣ መንፈራገጥ ደግሞ በነርቭ ሥርዓት ክፍል ይገኛሉ። በቦኬ አንድ የነበረው ቃል እዚህ ላይ ሁለት የተራራቁ ቦታዎች አሉት።

የስያሜው ጥቅም በገሃድ ከታየባቸው አጋጣሚዎች አንዱ በአሜሪካ የሆነው ነው። እ.ኤ.አ. በ1998 ሮታሺልድ የተባለ የሮታ ቫይረስ ተቅማጥ መከላከያ ክትባት ሥራ ላይ ዋለ። ዓመት ሳይሞላው፣ በሐምሌ 1999 እ.ኤ.አ.፣ ከተከተቡ ሕፃናት መካከል 15ቱ አንጀታቸው በራሱ ውስጥ እንደታጠፈ ለክትትል ሥርዓቱ ሪፖርት ተደርጎ ነበር። 15 ሪፖርት ከተሰጠው ክትባት ብዛት አንጻር እጅግ ጥቂት ነው። ነገር ግን ሁሉም በአንድ ስም በመመዝገባቸው ለዓይን ጎልተው ታዩ፤ ክትባቱም ታግዶ በዚያው ዓመት ከገበያ ወጣ። አንዱ «ሆድ ቁርጠት»፣ ሌላው «ማስታወክ»፣ ሦስተኛው «ደም የቀላቀለ ሰገራ» ተብሎ ቢበተን ኖሮ አደጋው በቶሎ ላይታወቅ ይችል ነበር። ኢትዮጵያ ከ2006 ዓ.ም ጀምሮ የምትሰጠው የሮታ ክትባት ሌላ ምርት ነው፤ ቢሆንም ይኸው ችግር እስከ ዛሬ በልዩ ትኩረት ይጠበቃል።

ይሁን እንጂ መለያ ቁጥር መስጠት ፍርድ መስጠት አይደለም። ሪፖርቱ የሚናገረው «ከክትባቱ በኋላ ይህ ሆነ» የሚለውን እንጂ «ክትባቱ ይህን አደረገ» የሚለውን አይደለም። መንሥኤውን ለይቶ መወሰን የባለሙያዎች ኮሚቴ ሥራ ነው። የዓለም ጤና ድርጅት መንሥኤዎቹን በአምስት ይከፍላቸዋል፦ ከክትባቱ ባሕርይ የመጣ፣ ከምርት ጥራት ጉድለት የመጣ፣ ከአሰጣጥ ስህተት የመጣ፣ ከመከተብ ፍርሃትና ጭንቀት የመጣ፣ እንዲሁም በአጋጣሚ በአንድ ጊዜ የተከሰተ።

ልዩነቱ የሕይወትና የሞት ጉዳይ ነው። እ.ኤ.አ. በ2017 በጎረቤታችን ደቡብ ሱዳን ካፖኤታ አካባቢ በኩፍኝ ክትባት ዘመቻ 15 ሕፃናት ሞቱ። ምርመራው ያረጋገጠው አንድ ሲሪንጅ ለአራት ቀናት በተደጋጋሚ ጥቅም ላይ መዋሉንና ክትባቱ በማቀዝቀዣ አለመቀመጡን ነው። ስህተቱ የአሰጣጥ ነበር። በክትባቱ ተመካኝቶ ቢታለፍ ኖሮ ያንኑ ስህተት ሌላ መንደር ላይ ከመድገም የሚያግድ ነገር አይኖርም ነበር።

ተቃራኒውም እንዲሁ አደገኛ ነው። በዞኑ ቆላማ ቀበሌዎች ወባ፣ በአካባቢው አጠራር ቡሳ፣ የታወቀ በሽታ ነው። በክትባት ማግስት በወባ የታመመ ሕፃን ትኩሳት ያለ ደም ምርመራ በክትባቱ ላይ ቢለጠፍ፣ ወሬው ከገበያ ገበያ ይዛመታል፤ ጎረቤትም ልጁን ማስከተብ ይተዋል። ኩፍኝ የሚገባው እንዲህ ባለው ክፍተት ነው። መጋቢት 4 ቀን 2013 ዓ.ም በኢትዮጵያ የኮቪድ-19 ክትባት መሰጠት ሲጀመርም ሆነ ከዚያ በኋላ፣ በየአገሩ የተላኩ ሪፖርቶች ብዛት መንሥኤያቸው ሳይጣራ በማኅበራዊ ሚዲያ እንደ ማስረጃ ሲዘዋወር ታይቷል።

ታዲያ ክፍተቱ የት ላይ ነው? የመጀመሪያው ቋንቋ ነው። ሜድራ በበርካታ ቋንቋዎች ተተርጉሞ የሚሠራበት ቢሆንም፣ በአፋን ኦሮሞም ሆነ በአማርኛ አልተዘጋጀም። የእናቲቱ ቃል ቢያንስ አንድ ጊዜ፣ አንዳንዴም ሁለት ጊዜ ተተርጉሞ ነው እንግሊዝኛው ላይ የሚደርሰው። «ምች መታው» ብትል ለየትኛው ቁጥር ይሰጣል? ከንፈር ላይ የወጣ ቁስል ነው ወይስ ድንገተኛ ትኩሳት? መፍትሔው ብዙ ገንዘብ አይጠይቅም። የወላጅ ቃል በራሱ ቋንቋ ሳይለወጥ በቅጹ ላይ ይጻፍ፤ የባለሙያው ትርጓሜ ከጎኑ ይቀመጥ። ባለሥልጣኑና የክልሉ ጤና ቢሮም ሕዝቡ የሚጠቀምባቸውን የሕመም ስሞች ከዓለም አቀፉ መዝገብ ጋር የሚያገናኝ አጭር መምሪያ ለጤና ኬላዎች ቢያዘጋጁ፣ ብዙ ስህተት ከምንጩ ይደርቃል።

ሁለተኛው ክፍተት ከተሞቻችን ውስጥ ነው። የተከተበ ልጅ ሲታመም ወላጅ ወደ ጤና ኬላው ከመመለስ ይልቅ ጭሮ፣ ገለምሶ ወይም በዴሳ ወደሚገኝ የግል ክሊኒክ ሊወስደው ይችላል። እዚያ «በቅርቡ ተከትቧል ወይ?» የሚል ጥያቄ ካልተነሣ፣ ሕመሙ ከክትባቱ ተነጥሎ ይመዘገባል፤ ሪፖርትም አይደረግም። የግል ክሊኒኮችና መድኃኒት ቤቶችም የዚህ ክትትል አካል መሆናቸውን መዘንጋት የለባቸውም።

ከወላጅ የሚጠበቀው ቀላል ነው። የክትባት ካርዱን አለመጣል፤ ሕመሙ የጀመረበትን ቀንና ሰዓት ማስታወስ፤ ያዩትንም እንዳዩት መናገር። «ያንቀጠቅጠዋል» ከማለት «ዓይኑ ተገልብጦ ነበር፤ ስጠራው አልሰማኝም፤ ቡና እስኪፈላ ያህል ቆየ» ማለት ለሐኪሙም ለመዝገቡም እጅግ ይጠቅማል። ከባለሙያው የሚጠበቀው ደግሞ የክትባቱን ዓይነትና በብልቃጡ ላይ ያለውን የባች ቁጥር አብሮ መጻፍ ነው። ያ ቁጥር ከሌለ ችግሩ የአንድ ምርት ይሁን የአንድ ጣቢያ መለየት ያስቸግራል። ጥቆማ ለመስጠት የሚፈልግ ሰው በባለሥልጣኑ ነጻ የስልክ መስመር 8482 መደወል ይችላል።

«ስም ይወጣል ከቤት፣ ይቀበላል ጎረቤት» እንዲሉ፣ አዲስ አበባም ሆነ ኡፕሳላ የሚቀበሉት ቦኬ ላይ የወጣውን ስም ነው። እዚያ የተሳሳተውን ሩቅ ያለ ኮምፒውተር አያርመውም።