ፊታውራሪ መሸሻን ብቻ አትክሰሱ

በሥነ ጽሑፍ ወዳጆች ጨዋታ መካከል ደጋግሞ የሚነሳ አንድ አቤቱታ አለ። «እኛ ዘንድ ልጅ በልብ ወለድ ውስጥ አያድግም» ይባላል። ባለታሪኩ አድጎና ጎልምሶ ነው ከፊታችን የሚቀርበው፤ በእናቱ ጸሎትና በአባቱ ቁጣ መካከል ተጨንቆ፣ ፈጣሪውን ተማጽኖም ተሟግቶም ሰው የሚሆን ወጣት የለንም ነው ነገሩ። ይህን የሚሻ ሰው ወደ ጥቁር አሜሪካውያን መጻሕፍት ይሂድ፣ ጄምስ ባልድዊንን ያንብብ የሚል ምክርም ይከተላል።

ባልድዊንን ማንበቡስ መልካም ነው፤ እኛም ወደ እሱ እንመለሳለን። ነገር ግን የጎረቤትን አዝመራ ለማድነቅ የራስን ጎተራ ባዶ ነው ብሎ ማማት ምን ይሉታል? የተፈለገው መጽሐፍ በ1958 ዓ.ም. ታትሞ ከየቤታችን ገብቷል። በወጋየሁ ንጋቱ ድምፅ በኢትዮጵያ ሬዲዮ ተተርኮ ፊደል ያልቆጠረው ሳይቀር ሰምቶታል። በቅርብ ዓመታትም ተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማ ሆኗል። ይኸው መጽሐፍ «ፍቅር እስከ መቃብር» ነው። ጉድለቱ ከመጽሐፉ ሳይሆን ከእኛ ነው፤ ከመካከሉ ጀምረን እናነበዋለንና።

ከመካከሉ ማለት ምን ማለት ነው? በመንገድ የሚያልፈውን ሰው አስቁማችሁ «የመጽሐፉ ታሪክ ምንድነው?» ብትሉት፣ ድሀው መምህር በዛብህ የባላባት ልጅ የሆነችውን ሰብለ ወንጌልን ወዶ፣ አባቷ ፊታውራሪ መሸሻ በዘር ኩራት ስለ ከለከሉት የደረሰ መከራ ነው ይላችኋል። የፍቅር ታሪክ ወዳዱ በዚህ ያለቅሳል። የመደብ ትግል ተንታኙም ከአብዮቱ ወዲህ በዚሁ ላይ ቆሞ የፊውዳሉን ሥርዓት ይኮንናል። ሁለቱ የማይስማሙ ቢመስሉም የሚገቡት በአንድ በር ነው፤ እሱም የፊታውራሪ መሸሻ በር ነው። ተከሳሹም አንድ ሰው ብቻ ይሆናል።

ደራሲው ክቡር ዶክተር ሐዲስ ዓለማየሁ ግን ታሪካቸውን ከዚያ በር አልጀመሩም። የጀመሩት ከማንኩሳ፣ ከቦጋለ መብራቱና ከውድነሽ በጣሙ ቤት ነው። እነዚህ ባልና ሚስት ልጅ ያገኛሉ። ልጁ ይታመማል። እንዳይሞትባቸው የፈሩት ወላጆች፣ ቢተርፍላቸው ቤተ ክርስቲያንን እንዲያገለግል ለእግዚአብሔር ይሳሉታል። ልጁ ተረፈ። ሲያድግ ግን የዳነበት ዋጋ ገና እንዳልተከፈለ፣ ከፋዩም ራሱ እንደሆነ ተረዳ። ፊታውራሪ መሸሻ የሚባል ሰው መኖሩን እንኳ ሳያውቅ የሕይወቱ መንገድ ተቆርጦ አልቆ ነበር። ሰብለ ወንጌልን በወደዳት ጊዜ ከፊቱ የቆመው የአባቷ ዘበኛ ብቻ አልነበረም፤ የእናቱ ስእለትም አብሮ ቆሞ ነበር። ስሙን እንደ ቅኔ ተማሪ ወርቁን ፈልጋችሁ ብታዩት፣ «በዛብህ» የሚለው ቃል የበረከትም የዕዳም ስም ሆኖ ታገኙታላችሁ።

እንግዲህ ጥያቄዬ ይህ ነው፦ በዛብህን የበደለው ፊታውራሪ መሸሻ ብቻ ነው ወይ?

ፊታውራሪው በትዕቢት በደለ። ትዕቢትን መጥላት ቀላል ነው፤ ጉዱ ካሳም በብርቱ አንደበቱ ያጋለጠው ይህንኑ ነው። ቦጋለና ውድነሽ ግን የበደሉት በፍቅር ነው። እንዲህ ያለውን በደል ማን ደፍሮ በስሙ ይጠራዋል? ሐኪም በሌለበት አገር የታመመ ልጅ ያቀፈች እናት ከስእለት በቀር ምን ነበራት? ልትፈርዱባት አይቻላችሁም፤ እኔም አልፈርድባትም። ሆኖም አለመፍረድ አንድ ነገር ነው፣ ነገሩን አለማየት ሌላ ነው። ሐዲስ አይተውታል፤ እኛ ግን ገጹን ገልጠን አልፈነዋል።

አሁን ወደ ባልድዊን እንመለስ። በ1953 እ.ኤ.አ. የታተመው የመጀመሪያ ልብ ወለዱ፣ ርእሱ በእኛ ቋንቋ «ሂድ፣ በተራራው ላይ ተናገር» እንደማለት ሲሆን፣ ጆን ግራይምስ የሚባል የሐርለም ልጅ አሥራ አራት ዓመት የሚሞላበትን ቀንና ሌሊት ይተርካል። እንጀራ አባቱ ገብርኤል የቀድሞ ሰባኪ ነው። እግዚአብሔር የተቀደሰ ዘር ሊሰጠኝ ቃል ገብቶልኛል ብሎ ያምናል። ያንን ቃል ኪዳን ግን ከአብራኩ ለወጣው ለሮይ አስቀምጦታል። ሮይ ነገሩን አይፈልገውም። ስጦታው ያለው ጆን ደግሞ ከዘሩ አልተቆጠረም። ልጁ በዚያች ሌሊት ከትንሿ ጸሎት ቤት ወለል ላይ ወድቆ፣ ተንቀጥቅጦና አልቅሶ ሲነጋ ይነሳል። ነጻ ወጣ ወይስ ተያዘ? ደራሲው ቁርጡን አይነግረንም። ባልድዊን ራሱ በአሥራ አራት ዓመቱ መስበክ ጀምሮ በአሥራ ሰባት ዓመቱ መድረኩን ትቶ የወጣ ሰው ነበርና ጥያቄው ከሥጋው የተቆረጠ ነው።

ሐርለምና ማንኩሳ በምን ይገናኛሉ? አንደኛው ቤት የተስፋውን ቃል በልጁ ላይ ይጭናል፤ ሌላው ቤት ያንኑ ቃል ከልጁ ይነፍጋል። በሁለቱም ቤት ግን ወላጅ በእግዚአብሔር ስም ልጁን መያዣ አድርጎታል። ልጁም ሰው ለመሆን ሁለት ድምፆችን መለየት አለበት፤ የሚጠራኝ ፈጣሪ ነው ወይስ አባቴ? ጥቁር አሜሪካዊው ደራሲ ይህን ሲጽፍ «የእድገት ልብ ወለድ» ብለን እናጨበጭባለን። የጎጃሙ ደራሲ ሲጽፈው «የፍቅር ታሪክ» ብለን እናለቅሳለን። ልዩነቱ ከመጽሐፎቹ አይደለም፤ ከአንባቢው ዓይን ነው።

እዚህ ላይ አንድ ተቃውሞ እንደሚነሳ አውቃለሁ። «ታዲያ መጽሐፉ ቤተ ክርስቲያንን የሚወቅስ ነው ማለት ነዋ!» የሚል ይኖራል፤ በዚህ የሚደሰትም አለ፣ የሚቆጣም አለ። ሁለቱም አይደሰቱ፣ አይቆጡም። ይህን ለመረዳት ከማንኩሳ ወጥቶ ደራሲው ራሳቸው ወደ ተማሩበት ወደ ደብረ ኤልያስ መዝለቅ ያስፈልጋል።

ሐዲስ በ1902 ዓ.ም. ከደብረ ማርቆስ አቅራቢያ የተወለዱ የካህን ልጅ ናቸው። የቤተ ክህነት ትምህርታቸውን በደብረ ኤልያስ፣ በደብረ ወርቅና በዲማ ተምረዋል። ደብረ ኤልያስ የባለቅኔውና የተውኔት ደራሲው የዮፍታሔ ንጉሤ የትውልድ ስፍራ ናት። ወደዚህ ዓይነቱ አገር የሚመጣው ተማሪ ደበሎ ለብሶ፣ አኮፋዳ አንግቶ፣ ውሻ እየተከላከለ በየደጁ «ስለ ማርያም» እያለ የሚኖር ልጅ ነው። ይህን ልጅ ከተማችን የቀልድ መጫወቻ አድርጎታል። ከቀልዱ በስተጀርባ ያለውን ቁም ነገር ግን ልብ ያለው ጥቂት ነው። ከእነዚህ ተማሪዎች ሁሉም በወላጅ የተላኩ አይደሉም፤ ከብት ከሚጠብቁበት መስክ ተነስተው፣ ለአባት ሳይነግሩና እናት ሳትመርቃቸው ጠፍተው የሚሄዱ ሞልተዋል። አባት ልጁን ለሞፈር ሲያጨው፣ ልጁ ሌሊት ተነስቶ ቅኔ ፍለጋ ይኮበልላል። እንግዲህ ሃይማኖት ሁልጊዜ የወላጅ ወገን ነው ያለው ማነው? በጎጃም ምድር ልጅ ከቤተሰቡ ጭነት የሚያመልጥበት መንገድ የቤተ ክርስቲያን ትምህርት ቤት ሆኖ ኖሯል።

የቅኔ ቤት ሕግም ይህንኑ ይመሰክራል። ተማሪው ሁለት ቤት ካላት ከጉባኤ ቃና ጀምሮ ስምንት ቤት እስካለው መወድስና ከዚያም ወዲያ ሲወጣ፣ በየደረጃው የራሱን ቅኔ እንዲቆጥር ይጠየቃል። የሌላውን ሰው ቅኔ የራሱ አስመስሎ ቢያቀርብ ነውር ነው። የትናንቱን ዛሬ መድገምም አያስመሰግነውም። ዳዊቱን በቃል ያጠና ልጅ በቅኔ ቤት ግን «አንተስ ምን አየህ?» ይባላል። የእድገት ትምህርት ከዚህ ወዲያ ምን አለ? እንግዲህ የበዛብህን ጭንቀት በዚህ መዝኑት። ስእለቱ «የራስህ አይደለህም» ይለዋል፤ ቅኔው «የራስህን ተናገር» ይለዋል። ያሳደገችው አንዲት ቤተ ክርስቲያን ሁለቱንም ቃል በጆሮው አኑራለች። ይህን ያላየ አንባቢ በዛብህን ፈሪ ወጣት ብቻ አድርጎ ይቆጥረዋል።

መጻሕፍት የሚያውቅ ሰው ደግሞ «ስእለት ከመጽሐፍ ቅዱስ የመጣ ነው» ይለኛል። እውነቱን ነው። ሐና ሳሙኤልን ተስላ አግኝታለች። በታኅሣሥ 3 ቀን የምናከብረው በዓታም የእመቤታችንን ወደ ቤተ መቅደስ መግባት የሚያስብ በዓል ነው፤ በቤተ ክርስቲያናችን ትምህርት ኢያቄምና ሐና ተስለው ያገኟትን ልጅ በሦስት ዓመቷ ለቤተ መቅደስ ሰጥተዋል። ነገር ግን ያው መጽሐፍ በመሳፍንት ታሪክ የዮፍታሔንም ስእለት ጽፏል፤ የገዛ ልጁን የበላ ስእለት! የደብረ ኤልያሱ ባለቅኔ ስሙን የሚጋራው ይህ መስፍን ከድል ሲመለስ ከደጁ የወጣችለት አንዲት ልጁ ነበረች። ስለ ሳሙኤልም ቢሆን ሙሉውን እናንብብ። እናቱ ከሰጠችው በኋላ እግዚአብሔር ራሱ በሌሊት በስሙ ጠርቶታል፤ ብላቴናው «አቤት» ብሎ እየተነሳ ሦስት ጊዜ ወደ ካህኑ ወደ ዔሊ ከሮጠ በኋላ ነው የጠሪውን ማንነት የተረዳው። የእናት ስእለት ብቻውን ቢበቃ ኖሮ ያ ሁሉ ጥሪ ለምን አስፈለገ? ልጁ ራሱ መስማትና መመለስ ነበረበት።

ይህ ነገር በልብ ወለዱ መጨረሻም ላይ በግልጽ ተቀምጧል። በዛብህ በመንገድ ይሞታል። ሰብለ ወንጌል ትመነኩሳለች። ልብ በሉ፤ ለእግዚአብሔር የተሰጠው ልጅ ሳይደርስበት የቀረውን ኑሮ፣ ማንም ያልተሳላት ልጅ በገዛ ፈቃዷ ገባችበት። ቆቡን አባቷ አልጫነባትም፤ አባቷ ያሰበላት የታላቅ ባላባት ትዳር ነበር። ሐዲስ ሃይማኖትን ቢጠሉ ኖሮ ይህን ፍጻሜ አይመርጡም ነበር። በእኔ ንባብ መጽሐፉ ስለ እምነት የሚለው ይህን ነው፦ ራስን መስጠት ይቻላል፤ ሌላውን መስጠት ግን አይቻልም።

«ይህ ሁሉ ያለፈ ዘመን ወግ ነው» የሚል ቢኖር ደግሞ አይሞኝ። የፊታውራሪ መሸሻ መሬት በየካቲት 1967 ዓ.ም. አዋጅ ተወርሷል። ማዕረጉም፣ ጉልቱም የለም። ለዚህ ነው እሱን መክሰስ የሚቀለን፤ የሞተ ሰው አይሟገትምና። የቦጋለና የውድነሽ ቤት ግን እንደ ቆመ ነው። ዛሬ በአዲስ አበባም በደብረ ማርቆስም ስንቱ ልጅ ገና አፉን ሳይፈታ ሐኪም እንዲሆን፣ ውጭ አገር ሄዶ ቤተሰቡን እንዲያወጣ፣ አባቱ ያልጨረሰውን እንዲጨርስ ተስሏል! አንዱ በታቦት ፊት ይሳላል፣ ሌላው በጉባኤ መድረክ ላይ፣ ሦስተኛው ሃይማኖት አልነካካም እያለ በዩኒቨርሲቲ መግቢያ ውጤት ላይ። ልጁ «አልፈልግም» ካለ መልሱ አንድ ነው፤ «ስንት የሆንኩልህ እኔ!» ይህ ደረሰኝ የማይቆረጥለት ዕዳ ነው። በ1992 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ የጋብቻን ዕድሜ 18 ዓመት ከማድረጉም በላይ የተጋቢዎቹን ነጻ ፈቃድ ይጠይቃል። ወላጅ ልጁን ስለሚሳልበት ስለ ሌላው ነገር ሁሉ ግን ፈቃዱን የሚጠይቅ ማነው?

ይህን የሚጠይቅልን ሥነ ጽሑፍ ነበር። ጠይቆም ነበር። እኛ ግን መልሱ ወደ ገዛ ቤታችን እንዳይመጣ ጥያቄውን በፊታውራሪው ደጅ ጥለነው ተመለስን። መምህራን በክፍል ውስጥ ስለ ባላባቱና ስለ ጭሰኛው ያስጽፋሉ፤ ስለ ማንኩሳዋ እናት የሚያስጽፍ መምህር ካለ እሰየው። ሐያስያንም የእድገት ልብ ወለድ የለንም እያሉ ከባሕር ማዶ ከመናፈቅ ይልቅ የመጀመሪያዎቹን ምዕራፎች ደግመው ቢያነቡ ይበጃል። ወጣት ደራሲዎቻችን ደግሞ ሐዲስ የጀመሩትን ይቀጥሉ። ከቤት ጠፍቶ ደብረ ኤልያስ የገባው ያ ልጅ እስከ ዛሬ ሙሉ ልብ ወለዱን የሚጽፍለት ይጠብቃል።

ወላጆችም ስእለት አትሳሉ አልላችሁም። ጧፍ፣ ዕጣን፣ ጃንጥላ፣ መጋረጃ ተሳሉ። ጾማችሁን፣ ጉልበታችሁን፣ የቀረ ዕድሜያችሁን ስጡ፤ የእናንተ ነውና ማንም አይከለክላችሁም። ልጁን ግን ከስእለቱ አውጡት። ፈጣሪ ከፈለገው በስሙ ይጠራዋል፤ እሱም ይሰማል።