የተለወጠ ስታርችና የእናቶቻችን አብሲት

በከረጢት ታሽጎ በሚሸጥ ሾርባ፣ በካስተርድ፣ በሶስና በአንዳንዱ የሕፃናት ምግብ ላይ «የተለወጠ የበቆሎ ስታርች» የሚል ጽሑፍ ይነበባል። ስለዚህ ነገር በመካከላችን ሁለት ወገን ተነሥቷል። አንደኛው «መርዝ ነው» ይላል፤ ሁለተኛው ደግሞ «ከፋብሪካ የወጣ ሁሉ የሥልጣኔ ምልክት ነውና አትጠራጠሩ» ይላል። በእኔ አስተያየት ሁለቱም ወገኖች ዋናውን ነገር ስተውታል።

በመጀመሪያ ስሙን እንመርምር። «የተለወጠ» ማለት የበቆሎው ዘር ተለወጠ ማለት አይደለም። ስታርቹ ከፍሬው ተለይቶ ከወጣ በኋላ፣ ሲፈላ እንዳይቀጥን፣ ሲቀዘቅዝም ውሃ እንዳይተፋ፣ በአሲድ ወይም በሌላ ኬሚካል ጠባዩ ተለውጧል ማለት ነው። የዘር ማሻሻል ሌላ ሥራ ነው። ለምሳሌ አቀንጭራን የሚቋቋመው «ጎብዬ» የተባለው የማሽላ ዝርያ፣ እ.ኤ.አ. በ2009 የዓለም የምግብ ሽልማትን የተቀበሉት የፕሮፌሰር ገቢሳ እጀታ የማዳቀል ምርምር ፍሬ ነው። በቆሎው ራሱ ዘሩ በላቦራቶሪ የተነካ ሊሆን ይችላል፤ ይህ ግን ራሱን የቻለ ጥያቄ ነው፤ ሁለቱን መደባለቅ ከተማረ ሰው አይጠበቅም።

የስታርችን ጠባይ መለወጥ ለእኛም እንግዳ አይደለም። የማሽላ እንጀራ ከጤፉ ይልቅ ቶሎ እንደሚደርቅና እንደሚፈረፈር የጎብዬና የቆቦ ሰው ሁሉ ያውቀዋል። ምክንያቱም የበሰለ ስታርች ሲቀዘቅዝ ተመልሶ ይጠጥራል። እናቶቻችን ከቦካው ሊጥ ጥቂት ቀንሰው፣ በፈላ ውሃ አብስለው፣ መልሰው ከሊጡ ጋራ ያዋሕዱታል። ይኸውም አብሲት የምንለው ነው። በሙቀት ያበጠው ስታርች ሊጡን ያያይዘዋል፤ እንጀራውም ዓይናማ ይሆናል። ልዩነቱ እናቶቻችን በእሳት ብቻ ሲሠሩ ፋብሪካው ኬሚካል መጨመሩ ነው።

እንግዲህ ኬሚካሉ ይጎዳልን? የአውሮፓ የምግብ ደኅንነት ባለሥልጣን እ.ኤ.አ. በ2017 ከ1404 እስከ 1452 ባሉት ቁጥሮች የሚታወቁትን 12 የተለወጡ ስታርቾች እንደገና መርምሮ፣ በምግብ ውስጥ በሚገቡበት መጠን ለጤና የሚያሰጋ ነገር አላገኘባቸውም፤ የዕለት መጠን መወሰንም አያስፈልግም ብሏል። ስለዚህ «መርዝ ነው» የሚለው ጩኸት መሠረት የለውም።

ነገር ግን መርዝ አለመሆን ምግብ መሆን አይደለም! አንድ ግራም ስታርች 4 ካሎሪ ያህል ይሰጣል፤ ፕሮቲን፣ ብረትና ቪታሚን ግን ከሞላ ጐደል የለውም። አብዛኛው በሆድ ውስጥ ስኳር ይሆናልና የስኳር በሽተኛም ሊቈጥረው ይገባዋል። ሙሉው የማሽላ ፍሬ ከመቶ አሥር እጅ ያህል ፕሮቲን አለው፤ ሽምብራውና ማሾው ደግሞ የዚያን እጥፍ። በጎብዬ ገበያ ማሾውንና ሽምብራውን ሸጦ፣ በዋጋው ለልጁ ብስኩትና የታሸገ ምግብ ገዝቶ የሚገባ አባት አይታጣም። ይህ ሰው ጡንቻ የሚሆነውን ሰጥቶ፣ ሆድ የሚነፋውን ተቀብሏል። የሚያስፈራው እንግዲህ ይህ ልውውጥ ነው።

ፋብሪካን ለመጥላት ይህን አላልሁም። እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ በስዊድን እርዳታ በአገራችን የተሠራው ፋፋም የፋብሪካ ምግብ ነበር፤ ሆኖም እህልን ከጥራጥሬና ከወተት ዱቄት ጋራ አዋሕዶ የሕፃናትን መቀጨጭ ለመከላከል የተዘጋጀ ነበር። ቁም ነገሩ ከረጢቱ ውስጥ ምን አለ የሚለው ነው። ይህን ለማወቅ ደግሞ ማንበብ ያስፈልጋል፤ ጽሑፉ ብዙውን ጊዜ በእንግሊዝኛ ደቅቆ ሲታተም የጎብዬ እናት በምን ታነበዋለች?

ስለዚህ ሦስት ነገር አሳስባለሁ። ሻጮች የምግቡን ይዘት ገዢው በሚያነበው ቋንቋ፣ በሚታይ ፊደል ይጻፉ። መምህራኖቻችን ስለ ስታርች ሲያስተምሩ ከባዕድ አገር ምሳሌ በፊት አብሲትን ያንሡ። እኛም ለዕረፍት ወደየአገራችን ስንመለስ፣ በወሬ እናቶችን ከማስደንገጥ ይልቅ፣ የማሽላው ገንፎ ሽምብራ ወይም ማሾ እንዲጨመርበት እንምከር። ሥልጣኔ የታሸገ መብላት አይደለም፤ የሚበሉትን ማወቅ ነው።