ሚዛኑ ከመነሻው የተዛባ ሕግ

አሜሪካኖች ኒክል የሚሉት የ5 ሳንቲም ፍራንክ ልክ 5 ግራም ይመዝናል። እ.ኤ.አ. በ1986 የወጣው የፌዴራል ሕግ፣ ያንን ያህል የምትመዝን ክራክ ኮኬይን ሊሸጥ ይዞ የተገኘ ሰው ቢያንስ 5 ዓመት እንዲታሰር ደነገገ። ዳኛው ቢያዝንለት እንኳ ከዚያ በታች ማውረድ አይችልም ነበር። በዱቄት ኮኬይን ለተከሰሰ ሰው ግን እዚያው ቅጣት ላይ ለመድረስ ግማሽ ኪሎ ያስፈልግ ነበር። ክራክ የሚሠራው ከዚያው ዱቄት ነው፤ ነገር ግን በርካሽ ይሸጥ የነበረው በብዛት በድሃ ጥቁሮች ሰፈር ነበር። በክራክ ምክንያት በፌዴራል ፍርድ ቤት ከተቀጡት አብዛኞቹም ጥቁሮች ናቸው። ኮንግረስ በ2010 ይህን 100 ለ1 የነበረ ልዩነት ወደ 18 ለ1 ዝቅ አደረገው እንጂ አላጠፋውም።

ዕፁ እነዚያን ሰፈሮች ማመሱን ማንም አይክድም። እናቶች መንግሥት እንዲደርስላቸው ጮኸዋል። ይፈልጉት የነበረው ግን ሱሰኛ ልጃቸው የሚታከምበት ቦታና ሥራ ጭምር ነው፤ በብዛት የደረሳቸው እስር ቤት ሆነ። በ1996 የወጣ ሌላ ሕግ ደግሞ በከባድ የዕፅ ወንጀል የተፈረደበት ሰው፣ የሚኖርበት ግዛት ካልፈቀደለት በቀር፣ ዕድሜ ልኩን የምግብ ድጎማ እንዳያገኝ ከለከለ። ቅጣቱን ጨርሶ የወጣ አባት ልጆቹን በምን ያብላ?

ጦሱ ያልተፈረደበት ሰው ላይም ይደርሳል። ማርች 13 ቀን 2020 ሉዊቪል ከተማ፣ ከእኩለ ሌሊት በኋላ፣ ፖሊሶች ዕፅ ፍለጋ የብርዮና ቴይለርን በር ሰብረው ገቡ። ፍቅረኛዋ ወንበዴ የገባ መስሎት ተኮሰ፤ በአጸፋው ተኩስ እሷ ተገደለች። የ26 ዓመት ወጣት፣ የሆስፒታል ድንገተኛ ክፍል ሠራተኛ ነበረች። ቤቷ ውስጥ ዕፅ አልተገኘም።

አሜሪካ የሚኖሩ አንዳንድ ወገኖቻችን ይህን የሌላ ሰው ጣጣ አድርገው ያዩታል። ቨርጂኒያ ወይም ሜሪላንድ መንገድ ላይ መኪናውን ያስቆመው ፖሊስ ግን ልጃችንን የሚያየው እንደ ማንኛውም ጥቁር ወጣት ነው፤ የአባቱ አገር ግንባሩ ላይ አልተጻፈም። ግሪን ካርድ ብቻ ያለው ከሆነ ደግሞ የዕፅ ጥፋተኝነት ከአገር እስከ መባረር ሊያደርሰው ይችላል።

በሁለቱም ግዛቶች የአካባቢውን ዋና ዐቃቤ ሕግ የሚመርጠው ሕዝቡ ነው። ዜግነት ያገኛችሁ ወገኖች፣ ድምፃችሁን ከመስጠታችሁ በፊት ዕጩውን ጠይቁት፦ ሱሰኛውን ወደ ሕክምና ነው ወይስ ወደ እስር ቤት የምትልከው? መልሱን ሰምታችሁ ምረጡ።