ቁርጡ ያልታወቀ ማስጠንቀቂያ

በቆቦ አውራ ጎዳና ዳር ማሽላና ጤፍ የሚነግድ ሰው ይዞታው ለልማት እንደሚፈለግ ማስጠንቀቂያ ሲደርሰው፣ ቤቱ ሳይፈርስ ዋጋው ይወድቃል። ደላላ ገዢ አያመጣም፤ አበዳሪም ዋስትናውን ይጠራጠራል።

በ2004 ዓ.ም. የወጣው የሊዝ አዋጅ ቁጥር 721 ለአቤቱታ 15 የሥራ ቀናት፣ በ2011 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 1161 ደግሞ 30 ቀናት ሰጥተዋል። ቀኑ የሚቆጠረው ግን ከማስለቀቂያው ትእዛዝ እንጂ ከቅድሚያ ማስጠንቀቂያው አልነበረም። የ2012ቱ የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183 የፍርድ ቤት ክለሳን ቢፈቅድም፣ የፌዴራል ሕግ በመሆኑ የቆቦን ማዘጋጃ ቤት አይመለከትም።

በየማስጠንቀቂያው ክርክር ከተከፈተ መንገድ አይሠራም፤ እውነት ነው። ይሁንና ትእዛዝ ሳይከተለው የሚከርም ወረቀት ከውሳኔ በምን ይለያል? የክልሉ ሕግ የጊዜ ገደብ ያብጅለት፤ ገደቡ ካለፈ ጉዳዩን ዳኛ ይየው። ቁርጡን ያወቀ ነጋዴ ሌላ ቦታ ይፈልጋል፤ ያላወቀው ግን ካፒታሉን ታቅፎ ይቀመጣል።