ድምፅ የሰው ነው ወይስ የገንዘብ?

በድሬዳዋ ከተማ በማለዳ ተነሥቶ ወደ ቀፊራ ገበያ የወረደ ሰው፣ ከገጠር የመጣ ገበሬ አትክልቱንና ፍራፍሬውን ዘርግቶ ከነጋዴ ጋር ሲከራከር ያያል። ገበሬው ዋጋ ይጠራል፤ ነጋዴው ይቀንሳል፤ ፀሐይ እየበረታች ስትሄድ ዕቃው እንዳይበላሽበት የሚሠጋው ገበሬው ነውና በመጨረሻ እጁን የሚሰጠው እርሱ ነው። ገበሬዎች በኅብረት ሥራ ማኅበር የሚሰበሰቡት፣ ገበያውን የሚቆጣጠር ኮሚቴም የሚመረጠው ይህን ያዘነበለ ሚዛን ለማቃናት ነው። ነገር ግን ኮሚቴ መምረጥ ብቻውን አይበቃም። በኮሚቴው ውስጥ ድምፅ የሚሰጠው ማን ነው? በየትኛውስ ጉዳይ? ዋናው ነገር ይህ ነው።

ሕጋችን ለመጀመሪያው ጥያቄ ግልጽ መልስ ሰጥቷል። የኅብረት ሥራ ማኅበራት አዋጅ ቁጥር 147/1991 አንድ አባል አንድ ድምፅ ብቻ እንዲኖረው፣ ማንም አባል ከማኅበሩ የተከፈለ ካፒታል ከመቶ 10 በላይ እንዳይዝ ደነገገ። በ2009 ዓ.ም. የተተካው አዋጅ ቁጥር 985ም አንድ ሰው አንድ ድምፅ የሚለውን መሠረት አልለቀቀም። ሐሳቡ የቆየ ነው፤ በእንግሊዝ አገር በሮችዴል ከተማ በአውሮፓውያን አቆጣጠር በ1844 ዓ.ም. ኅብረት ያቋቋሙት ሠራተኞችም በዚሁ መንገድ ተጉዘዋል።

አባቶቻችን «ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ» ያሉት ለድምፅም ይሠራል። ሃምሳ ድምፅ በአንድ ባለጸጋ እጅ ከተከማቸ ለማኅበሩ ሸክም ነው፤ ለሃምሳ ሰው ከተከፋፈለ ግን ጌጥ ይሆናል።

«ብዙ ገንዘብ ያስገባ፣ ገበያውንም የሚያውቅ ሰው እንዴት ከድኻው ጋር እኩል ድምፅ ይኖረዋል?» የሚል ተቃዋሚ አይጠፋም። መልሱ ቀላል ነው። ገንዘቡ ትርፍ ሲከፈል ድርሻውን ያገኛል፤ ዕውቀቱም በስብሰባ ላይ ሲናገር ይሰማለታል። ድምፅ ግን የገንዘብ ወለድ አይደለም፤ የሰውየው ነው።

ሁለተኛው ጥያቄ ከዚህ ይከብዳል። የሐረር ቡና የሚሰበሰብባት ድሬዳዋ ቀድሞ ከአዲስ አበባ ጋር የቡና ጨረታ የሚካሄድባት ከተማ ነበረች። በአዋጅ ቁጥር 550/1999 የተቋቋመው የኢትዮጵያ ምርት ገበያ በ2000 ዓ.ም. ሥራ ሲጀምር አንድ ብልህ ወሰን ይዞ መጣ፤ ይኸውም ባለቤትነትን፣ አባልነትንና ሥራ አመራርን መለየት ነው። ባለቤቱ አይነግድም፤ ነጋዴው አባል የባለቤትነት ድርሻ አይኖረውም፤ ሥራ አስኪያጁም ከሁለቱ ወገን አይመጣም። ሚዛኑን የያዘ ሰው ዕቃውን ሻጭ እንዳይሆን ታስቦ ነው።

ይህ ወሰን በትልቁ ገበያ ከጠቀመ፣ በየቀበሌው በሚቀመጠው ትንሽ ኮሚቴ ውስጥ ለምን አይኖርም? ለምሳሌ አንድ የኮሚቴ አባል የማኅበሩን ሽንኩርት ሊገዛ ከቀረበው ነጋዴ ጋር ወንድማማች ነው እንበል። ድምፁ አንድ ብቻ ነው፤ ሆኖም አምስት ሰዎች ሁለት ለሁለት ሲከፈሉ ያችው አንዲት ድምፅ የመቶ ገበሬ ድካም ታረክሳለች። ስለዚህ ሰውየው ዝምድናውን አስቀድሞ ይግለጽ፤ የሚያውቀውን ይናገር፤ ድምፅ በሚሰጥበት ሰዓት ግን ከአዳራሹ ይውጣ። ይህ ስድብ አይደለም፤ እንዲያውም ለእርሱ ከሐሜት መጠበቂያ ነው።

እናንት ተማሪዎችና ወጣት ሹማምንት! የማኅበራትን መተዳደሪያ ደንብ የምታረቁት፣ ቃለ ጉባኤ የምትጽፉት፣ ነገም የምትመረምሩት እናንተ ናችሁ። ደንቡ ላይ «ጥቅም ያለበት አባል በዚያ ጉዳይ ድምፅ አይሰጥም» የምትል አንዲት መስመር ስትጎድል እያያችሁ አትለፉ። መስመሯ ካለችም በቃለ ጉባኤው ማን እንደ ወጣ፣ ለምን እንደ ወጣ በስሙ ጻፉ። ያልተጻፈ ወሰን በውኃ ላይ እንደ ተሰመረ መስመር ነው። ገበሬው ከስብሰባው ወደ ቤቱ ሲመለስ «ተሸንፌ ይሆናል፤ ግን አልተታለልሁም» ለማለት የሚችለው ያን ጊዜ ነው።