«ግለ አፈ ታሪክ» የሚል ቃል ያስፈልገናል

ዛሬ የምንጽፈው ስለ አንድ ቃል ነው። «ቃል ምን ይሠራል? ሌላ ችግር ጠፍቶ ነው?» የሚል ወንድም ወይም እኅት ካለ፣ እባካችሁ እስከ መጨረሻው ቆማችሁ አንብቡልን። ነገሩ ከቃልም በላይ ነውና።

አጀማመሩ እንዲህ ነው። በአንድ የጽሕፈት ክፍለ ጊዜ «የተወለድኩበት አካባቢ ታሪክ» በሚል ርእስ ሁለት ገጽ እንድንጽፍ ታዘዝን። በመካከላችን የሰበታም፣ የቡራዩም፣ የሱሉልታም ልጆች አለን። ከሱሉልታ የመጣችው ጓደኛችን ስለ አያቷ ጻፈች። አያቷ በልጅነታቸው ከእናታቸው ጋር ወተት ይዘው በእንጦጦ በኩል ወደ አዲስ አበባ ይወርዱ ነበር። አንድ ቀን ገና ሳይነጋ ጅብ መንገድ ላይ ቆመባቸው። እናትየው ከወተቱ ጥቂት መሬት ላይ አፍስሰው «እንካ ድርሻህን፣ መንገዳችንን ልቀቅ» ቢሉት ጅቡ መንገዱን ለቀቀ። ከዚያን ቀን ወዲህ በቤታቸው ወተት ለገበያ ሲወጣ ጠብታ ሳይፈስ አይወጣም። ጓደኛችን በዚህ ላይ የእንጦጦን ባሕር ዛፍና እንጨት ተሸክመው የሚወርዱትን ሴቶች፣ የአያቷ ከብቶች ይግጡበት በነበረው መስክ ላይ ዛሬ የቆመውን ፎቅ ሁሉ ጨመረችበት።

ወረቀቷ ሲመለስ በቀይ እስክሪብቶ «ይህ ተረት ነው፤ ታሪክ ጻፊ» የሚል ተጽፎበት፣ ከ10 3 ተሰጥቷት ነበር። አላለቀሰችም። ወረቀቱን አጣጥፋ ደብተሯ ውስጥ ከተተችና «ስለ አንቺ ጽፌአለሁ ብያት ነበር። እንግዲህ እቤት ስገባ ለአያቴ ምን ልበላት?» አለችን። መልስ አልነበረንም።

የዚያን ዕለት ማታ ማደሪያው ለሁለት ተከፈለ። ግማሹ «መምህሩ ልክ ናቸው፤ ጅብ ድርሻውን ተቀብሎ የሚሄድበት ታሪክ የለም» አለ። ግማሹ ደግሞ «ታዲያ የሴትዮዋ ሕይወት ታሪክ ካልሆነ ምንድን ነው?» ሲል ተነሣ። እኛም ከሁለቱም ወገን ነበርንበት፤ አንደብቅም። ሲነጋ ግን አንድ ነገር ታየን። የተጣላነው ስለ ጽሑፉ አልነበረም፤ እንዲህ ላለው ጽሑፍ መጠሪያ አጥተን ነው። ተረት ብንለው ሕይወቷን ይሰርዛል፤ ታሪክ ብንለው ጅቡን ያጸድቃል።

ለመሆኑ ይህ ችግር የእኛ ብቻ ነውን? አይደለም። ከካሪቢያን ደሴቶች ከፈለሱ ወላጆች በኒውዮርክ የተወለደች ኦድሬ ሎርድ የምትባል ጥቁር አሜሪካዊት ገጣሚ ነበረች። እ.ኤ.አ. በ1982 «ዛሚ» የተሰኘ መጽሐፍ አሳተመች። ከእናቷ የሰማችውን የደሴት ወግ፣ ራሷ ያለፈችበትን ኑሮ፣ በዘመኑ በአሜሪካ የነበረውን የዘር አድልዎ አንድ ላይ ጻፈችው። «የሕይወት ታሪክ ነው? ልብ ወለድ ነው?» ለሚላት ደግሞ «ባዮሚቶግራፊ» የሚል ቃል ሠርታ ሰጠች። ቃሉ ከሦስት የግሪክ ሥሮች የተገጣጠመ ነው። ባዮስ ሕይወት፣ ሚቶስ ተረት፣ ግራፊያ መጻፍ ማለት ነው። ያሉት ስሞች አልበቃ ቢሏት አዲስ ስም አወጣች።

«እሷ ፈረንጅ አገር ናት፤ እኛ ምን አገባን?» እንዳትሉ። ቃል መሥራት ለአማርኛ እንግዳ አይደለም። አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ በ1900 ዓ.ም. ሮም ላይ ያሳተሙት፣ ዛሬ «ጦቢያ» እያልን የምንጠራው መጽሐፍ፣ ርእሱ «ልብ ወለድ ታሪክ» ነበር። ልብ የወለደው ታሪክ ማለት ነው። ይኸው ዛሬ የ9ኛ ክፍል ተማሪ ሁሉ «ልብ ወለድ» ሲል ተሠርቶ የመጣ ቃል መሆኑ ትዝ አይለውም። በአብዮቱ ዘመንም «ወዝ» እና «አደር» ተጋጥመው «ወዛደር» ተባለ። ፊታውራሪ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ያቆዩልንና ከሞቱ በኋላ የታተመው የሕይወት ታሪካቸው ርእሱ «ኦቶባዮግራፊ (የሕይወቴ ታሪክ)» ነው። የባዕዱን ቃል ወስዶ ፍቺውን በቅንፍ አስቀምጧል። ዛሬ ያንኑ በሁለት አጫጭር የአገር ቃላት «ግለ ታሪክ» እንለዋለን። ስም ይወጣል ከቤት፣ ይቀበላል ጎረቤት ይባል የለ?

እንግዲህ ልብ በሉልን። አማርኛ «ታሪክ» አለው፤ በዓመተ ምሕረትና በሰነድ የሚቆም። «አፈ ታሪክ» አለው፤ ከአፍ ወደ ጆሮ የሚሄድ። «ግለ ታሪክ» አለው፤ አንድ ሰው ስለ ራሱ የሚጽፈው። ሦስቱም «ታሪክ» የሚለውን ይጋራሉ። ስለዚህ አዲስ እንጨት መቁረጥ አያስፈልገንም፤ ያለውን መግጠም ነው። የጓደኛችን ዓይነት ጽሑፍ «ግለ አፈ ታሪክ» ይባል እንላለን። የጸሐፊው ኑሮ አለበት፤ የሰማው አፈ ታሪክ አለበት፤ ታሪክም አለበት። በቃ፣ ይኸው ነው።

አንዳንድ ጓደኞቻችን ይህን ስንላቸው «መቀላቀል አደገኛ ነው» ብለውናል። ክርክራቸው ቀላል አይደለምና በሙሉ እናስቀምጠው። «ተረትን ከታሪክ ጋር ስትቀላቅሉ ሕፃናት መለየት ያቅታቸዋል። ነገ አንዱ የአያቱን ተረት ይዞ ‹ቦታው የእኔ ነው› ይላል፤ ሌላው የራሱን አያት ተረት ይዞ ይመጣበታል፤ ከዚያ ዱላ ይነሣል» ይላሉ።

እውነታቸውን ነው፤ አደጋው አለ። እኛም ቀምሰነዋል። ባለፈው ሴሚስተር «ሰበታ» የሚለው ስም ከየት መጣ ብለን ሁለት ጓደኞቻችን ማታ ተከራከሩ። አንዱ በአማርኛ ፈታው፣ ሌላው በኦሮምኛ ፈታው። ክርክሩ ወደ ስድብ፣ ስድቡ ወደ መገፋፋት ሄዶ መካከል ገብተን ገላገልን። በኋላ «ማን ነገረህ?» ብለን ስንጠይቅ አንደኛው «አጎቴ» አለ፤ ሌላኛውም «አባቴ» አለ። ሁለቱም አንድ ሰነድ እንኳ አላዩም! ሁለቱም ግን «ታሪኩ ይኸው ነው» ብለው ነበር የማሉት። እንግዲህ ጠቡን ያመጣው አፈ ታሪክ መኖሩ አይደለም፤ አፈ ታሪክ የታሪክን ካፖርት ለብሶ መውጣቱ ነው። ሁለቱም «አባቴ እንዳለኝ»፣ «አጎቴ እንዳለኝ» ብለው ቢጀምሩ ኖሮ ቁጭ ብለን ሁለቱንም እንሰማ ነበር።

ደግሞስ ቀላቅሉ ያልነው እኛ ነን እንዴ? ተቀላቅሎ ነው የኖረው። የዓድዋን ድል እንውሰድ። የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ጦርነቱ መደረጉ ታሪክ ነው፤ ዕለቱ የቅዱስ ጊዮርጊስ በዓል መሆኑም እውነት ነው። ቅዱስ ጊዮርጊስ በነጭ ፈረስ ሆኖ ተዋጋ የሚለው ሕዝቡ የሚተርከው ነው። የአንዳችን ቅድመ አያት ዘምተው ተመለሱ የሚለው ደግሞ የቤታችን ወግ ነው። ሦስቱን አንድ ላይ የማይተርክ የኢትዮጵያ ቤት ስንት ነው? ከዝቋላው አቡነ ገብረ መንፈስ ቅዱስ ገድል ውስጥም 562 ዓመት መኖራቸው፣ 60 አንበሳና 60 ነብር አብረዋቸው መኖራቸው ይነገራል። ገድልን ያነበበ ሰው ሕይወትና ተአምር በአንድ መጽሐፍ ሲተረክ አዲስ አይሆንበትም። የሚለየው፣ ገድልን የሚጽፈው ሌላ ሰው ነው፤ በግለ አፈ ታሪክ ግን ተራኪው ስለ ራሱና ስለ ቤቱ ይመሰክራል።

በአካባቢያችንም እንዲሁ ነው። የመናገሻ ሱባን ጥድ እንመልከት። ዐፄ ዘርዓ ያዕቆብ እ.ኤ.አ. ከ1434 እስከ 1468 መንገሣቸው ታሪክ ነው። ዘሩን ከወፍ ዋሻ አስመጥተው ደኑን አስተከሉ የሚለው ሲወርድ ሲዋረድ የመጣ ትረካ ነው። ከእኛ አንዱ በ8ኛ ክፍል ሽርሽር ሄዶ ከአንድ ትልቅ ጥድ ሥር ዳቦውን በልቶ መተኛቱ ግላዊ ነው። ሦስቱን ለይቶ አብሮ መጻፍ ምኑ ነው ችግሩ?

የቡራዩውን ደግሞ በማስተማር ልምምድ ላይ ያየነው ስለሆነ እንንገራችሁ። በአንድ 3ኛ ክፍል ስለ ውሃ ስናስተምር ገፈርሳን አነሣን። ለአዲስ አበባ ውሃ ከሚሰጡት ግድቦች አንዱ ነው። «ገፈርሳ በኦሮምኛ ጎሽ ማለት ነው» አልናቸው። ይህን ጊዜ አንድ ትንሽ ልጅ እጁን አወጣና «ታዲያ ጎሹ የት ሄደ?» አለን። ክፍሉ ሳቀ። እኛ ግን አልሳቅንም፤ ምክንያቱም አናውቅም ነበር። ዛሬ በዚያ የሚታየው ቤትና መኪና ነው እንጂ ጎሽ የለም። ስሙ ግን ቀርቷል። «እቤታችሁ ያሉትን ታላላቆች ጠይቃችሁ ኑ» አልናቸው። በማግስቱ አንዷ «አያቴ እንዳሉት ጎሹ ማታ ማታ ከውሃው ይወጣል» አለች፤ አንዱ «አዳኝ ጨረሳቸው አሉ» አለ፤ አንዱ ደግሞ «እኔ ያየሁት ላም ብቻ ነው» አለ። ሰሌዳውን ሦስት ቦታ ከፍለን «ያየሁት»፣ «የሰማሁት»፣ «ተጽፎ ያገኘሁት» ብለን ጻፍንበት። ልጆቹ እየተሻሙ እያንዳንዱን ወሬ በየቦታው አስቀመጡ። «ተጽፎ ያገኘሁት» የሚለው ባዶ ቀረ። ያ ባዶ ቦታ ከብዙ ንግግር ይልቅ አስተማራቸው። 3ኛ ክፍል መለየት ከቻለ፣ 12ኛ ክፍልን የጨረስነው እንዴት ያቅተናል?

ስለዚህ ግለ አፈ ታሪክ ሲጻፍ ሦስት ሕግ ይኑረው እንላለን። አንደኛ፣ ራሳችን ያየነውን «አየሁ» እንበል። ሁለተኛ፣ የሰማነውን «አሉ»፣ «ይባላል»፣ «አያቴ እንደነገሩኝ» እንበል፤ አማርኛ ለዚህ ድሮውኑ የተመቸ ነው፤ ኦሮምኛም ለቃል ሥነ ጽሑፉ «አፎላ» የሚል ስም አለው። ሦስተኛ፣ ታሪክ ነው ያልነውን ከነዓመቱና ከነምንጩ እናቅርብ፤ ካላገኘን ባዶውን እንተወው። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር የተባለው ክሩ ተለይቶ ከተፈተለ ነው፤ የተወሳሰበ ክርማ ለምንም አይሆንም።

ለምን እንቸኩላለን? ከተሞቻችን እየተለወጡ ናቸው። በ2009 ዓ.ም. መግቢያ ከሰበታ ጅቡቲ የሚደርሰው የኤሌክትሪክ ባቡር ተመረቀ። በ2015 ዓ.ም. ሰበታም ቡራዩም ሱሉልታም በሸገር ከተማ አስተዳደር ሥር ተጠቃለሉ። መንገዱ ይሰፋል፣ ሰፈሩ ስሙን ይለውጣል፣ ዛፉ ይቆረጣል። ይህን መቃወማችን አይደለም። ግን ሽማግሌዎቹ የሚያሳዩን ምልክት ሲጠፋ ወጉም አብሮ ይጠፋል። የሰፈሩን ልጅ ነገ የምናስተምረው እኛ ነን። «የእናንተ ሰፈር ታሪክ የለውም» ብለን እንጀምር? ወይስ ያልተጣራውን ሁሉ ታሪክ ነው ብለን እናስጠናው? ሁለቱም በደል ነው።

የጓደኛችንን ነገር እንጨርስ። ለበዓል እቤቷ ስትሄድ ጽሑፉን በሦስቱ ሕግ መሠረት እንደገና ጽፋ ለአያቷ አነበበችላቸው። አያቷ ሰምተው ሲያበቁ ሳቁና «ኧረ ልጄ፣ ወተቱን ያፈሰስኩት እኔ ነኝ! እናቴማ ፈርታ ዛፍ ሥር ተደብቃ ነበር። ለእናቴ ክብር ብዬ ነው እንደዚያ የማወራው» አሏት። አያችሁ? «ተረት ነው» ተብሎ ቢቀር ኖሮ ይህ አይገኝም ነበር። ለይቶ የጠየቀ ሰው ከአፈ ታሪኩ ውስጥ ሰውየዋን አገኛት፤ የስምንት ዓመት ደፋር ልጅ ሆና። ማርኩ ግን አሁንም ከ10 3 ነው፤ አልተለወጠም።

መምህሮቻችንን በአክብሮት የምንጠይቀው ይህን ነው። በጽሕፈት ኮርሱ ውስጥ «ግለ አፈ ታሪክ» አንድ መልመጃ ይሁን። በሦስቱ ሕግ ይታረም፤ ሕጉን የጣሰ ይቀነስበት፣ አያቱን ያመጣ ግን አይቀነስበት። እናንተም ውድ ጓደኞቻችን፣ ለክረምት ስትሄዱ አንድ ደብተር ያዙ፤ ከቤታችሁ አንድ ትልቅ ሰው ጠይቁ። ከዚህ ጋዜጣ በታች ካርቶን ሰቅለናል። የጻፋችሁትን ክተቱልን፤ በየተራ እናወጣዋለን። ቃሉን የማይወድ ካለም የተሻለ ቃል ጽፎ ይክተት። ቸር እንሰንብት።